ፌንጣውና ግማሾቹ

በልብስ ንጽህና ቤቱ የኋላ ክፍል፣ እንፋሎት ከሚተፋው ካውያ ፊት ቀኑን ሙሉ የምትቆመው ሴት መዝገብ ላይ ያለው ስሟ ሌላ ነው፤ የሚያውቃት ሁሉ ግን «ፌንጢት» ነው የሚላት። አብረዋት የሚሠሩት ሴቶች ቀጭን ስለሆነችና አንድ ቦታ ስለማትረጋ የወጣላት ይመስላቸዋል። እሷም አታርማቸውም። ከሥሩ ላስረዳ ብትል ስለ አንድ ጌም ልታወራ ነው፤ ልጆች ያሳደገች ሴት የሰው ሸሚዝ እየተኮሰች ስለ ጌም ስታወራ ደግሞ ማን በጤናዋ ነው ይላታል?

ስሙን ያወጣላት ታላቅ ወንድሟ ነበር።

ጌሙ ቤታቸው የገባው እሷ የወተት ጥርሷን ነቅላ ሳትጨርስ ነው። እናታቸው የቢሮ ሕንፃ ታጸዳ ነበር። አንድ ድርጅት ቢሮውን ሲለቅ የማይፈልገውን ኮተት ኮሪደሩ ላይ ከምሮት ሄደ፤ ከኮተቱ መሀል አንድ የጌም ማጫወቻ፣ አንድ ካሴትና አንድ ጆይስቲክ ነበር። አለቃዋ «ውሰጂው፣ አለዚያ ይጣላል» አለቻት። እናትየው በወለል መወልወያ ጨርቅ ጠቅልላ በብብቷ ይዛው መጣች። ካሴቱ ላይ አንድ አንቴናው የተጨማደደ አረንጓዴ ፌንጣ ተስሏል። የተጻፈበትን ማንም ማንበብ አልቻለም፤ ማንበብም አላስፈለገ። ፌንጣው ከጣሪያ ጣሪያ እየዘለለ ወደ ቤቱ ይሄዳል፣ በቃ፣ ይኸው ነው። የሰፈሩ ልጅ «ፌንጣው» አለውና ስሙ ያ ሆኖ ቀረ።

ችግሩ የጆይስቲኩ አንድ መሆን ነበር። መጀመሪያ ያወጡት ሕግ ቀላል ነው፤ ፌንጣው ሲሞት ተራ ይለወጣል። ወንድሟ ግን ጎበዝ ሆነ። ከሰዓት በኋላውን ሙሉ ሳይሞት ይጫወታል፤ እሷ ጎኑ ጉልበቷን አቅፋ ትጠብቃለች።

«ተራዬ መቼ ነው?»

«ስሞት።»

«እማዬ፣ እሱ'ኮ አይሞትም» ብላ ታለቅሳለች።

እናትየው ለቅሶውም ንትርኩም ሲሰለቻት እጇን በቀሚሷ እየጠረገች ከጓዳ ወጣች። «ያለው አንድ ነው። ወይ እኩል ትይዙታላችሁ፣ ወይ ነገ ወዳመጣሁበት ይመለሳል» አለችና ጎን ለጎን አስቀመጠቻቸው። የጆይስቲኩን ግራ ጎን ለእሱ አስያዘችው፤ ቀኙን ለእሷ። መሄድ የእሱ፣ መዝለል የእሷ። የሁለት ልጅ ጠብ ለማብረድ በችኮላ የወጣ ሕግ ነው። እናት በቀን ስንቱን እንዲህ ያለ ሕግ አውጥታ ማታ ትረሳዋለች። ይኸኛው ግን ዕድሜ ልክ ዘለቀ።

መጀመሪያ መጀመሪያ ወንድሟ «ዝለዪ» ይላት ነበር። ቃሉ ከአፉ ወጥቶ እስኪያልቅ ፌንጣው ገደል ገብቷል። ይነታረካሉ። «ዘገየሽ» ይላታል፤ «አንተ ነህ የዘገየኸው» ትለዋለች። ከጊዜ በኋላ እሱም ዝም አለ፣ እሷም ዝም አለች፣ ፌንጣውም መውደቅ ተወ። ምን እንደተለወጠ የምታውቀው እሷ ብቻ ነበረች። ወንድሟ የጣሪያው ጠርዝ ላይ ሲደርስ በአፍንጫው ትንሽ አየር ሳብ ያደርጋል፤ የሚያቃጥል ነገር ሊቀምስ እንደተዘጋጀ ሰው። ያኔ አውራ ጣቷ ይጫናል። ይኸን ለእሱ አልነገረችውም። ካወቀ አስቦ መተንፈስ ይጀምርና ነገሩ ይበላሻል ብላ ፈራች። «ፌንጢት» ያላትም ያኔ ነው፤ እሱ ሳይናገር የምትዘል ሆና ስላገኛት።

የመጨረሻው ጣሪያ ላይ የደረሱት አንድ ቅዳሜ ከሰዓት፣ ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው ነው። ከጣሪያው ማዶ ትንሽ ሰማያዊ በር አለች። ፌንጣው ዘሎ በሩ ፊት ቆመ፣ የተጨማደደ አንቴናውን አወዛወዘ፣ ሙዚቃ ተሰማ፣ ስክሪኑም ጠቆረ።

«አለቀ እንዴ?»

«አለቀ።»

«በሩስ? አልተከፈተም'ኮ።»

ወንድሟ ካሴቱን ነቀለና እፍ ብሎበት መልሶ ሰካው። እንደገና እዚያው ደረሱ። በሩ ያው ዝግ ነው። «የሚቀጥለው ላይ ይከፈት ይሆናል» አለ፤ እሷም አመነችው። ታላቅ ወንድም ያለው ነገር አይታመንም?

የሚቀጥለው የመጣው ከትምህርት ቤታቸው አጥር ማዶ ጌም ቤት ሲከፈት ነው። ባለጌም ቤቱ ሆዱ ከመቀመጫው የሚተርፍ፣ አፉ የማያርፍ ሰው ነበር። ሁለቱ አንድ ጆይስቲክ ተካፍለው ሲቀመጡ ሲያይ ሳቁ ሊገድለው ደረሰ። «ኧረ ኑ እዩ፣ ግማሽና ግማሽ ሆነው አንድ ሰው የሚሞሉ መጡልን» አለ። ከዚያ በኋላ በሩ ላይ ብቅ ባሉ ቁጥር «ግማሾቹ መጡ፣ ቦታ ልቀቁላቸው» ማለት ልማዱ ሆነ። እነሱ ጆሮ ዳባ ልበስ ብለው ይጫወታሉ። በዚህ በሁለተኛው ክፍል ፌንጣው አየር ላይ እያለ አንዴ ደግሞ መዝለል ይችላል፤ ለፌንጢት ትልቅ ኩራት ሆነላት። ወንድሟ ሁለት ጊዜ ሳብ፣ ሳብ ያደርጋል፤ እሷ ሁለቴ ትጫናለች። ጆይስቲኩን ለብቻቸው የሚይዙ ልጆች ያልደረሱበት ሰማያዊ በር ፊት ግማሾቹ ደረሱ። በሩ አሁንም አልተከፈተም።

ሦስተኛው ክፍል ሲወጣ ወንድሟ መስታወት ቤት ገብቶ ሙያ እየለመደ ነበር። በመጀመሪያ ደመወዙ ያገለገለ ማጫወቻ ገዝቶ መጣ። ሲከፍቱት ዓለሙ ተለውጧል። ጣሪያዎቹ ጠፍጣፋ ሥዕል መሆናቸው ቀርቶ ዙሪያቸውን የሚዞሩ እውነተኛ ጣሪያዎች ሆነዋል፤ ወደፊትም ወደኋላም ይኬዳል። ስለዚህ አንድ ሌላ ሥራ ተጨመረ፤ የሚያየውን ካሜራ ማዞር። የካሜራው ማዞሪያ ያለው በቀኝ በኩል፣ በፌንጢት ግዛት ነው። እሷ ደግሞ አውራ ጣቷን ከመዝለያው ላይ ካነሳች ፌንጣው ይወድቃል።

«በሌላ ጣትሽ አዙሪው።»

«ጣቴ ላስቲክ ነው እንዴ?»

እናትየው ያኔ ጉልበቷ አልታዘዝ ብሎ ሥራ አቁማለች፤ ከኋላቸው አልጋ ላይ እግሯን ዘርግታ ትቀመጣለች። ንትርኩን ስትሰማ ቆየችና በሁለቱ ትከሻ መሀል እጇን ሰደደች። ዕድሜ ልኳን በውሃና በሳሙና የሻከረ አመልካች ጣቷን ማዞሪያው ላይ አሳረፈች። «ወዴት ልበለው?» አለች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ካሜራው የእሷ ሆነ። አንዳንዴ ጌሙን ትታ ሰማዩን ታሳያቸዋለች። «እማዬ፣ ገደል ልንገባ ነው» ሲሏት «ቆይ፣ ደመናው ያምራል» ትላለች። ሦስት ሰው በአንድ ጆይስቲክ፣ አንድ ፌንጣ። ፌንጢት ከሕይወቷ የቱ ጊዜ ይመለስልሽ ቢሏት አታስብም፤ ይኸን ነው የምትለው።

አራተኛው ክፍል የወጣው እናታቸው ካረፈች በኋላ ነው። የጌሙ ኩባንያ ለሌላ ኩባንያ ተሸጦ ነበርና አዲሶቹ ባለቤቶች ፌንጣውን እንዲያወራ አደረጉት። መነጽር ሰጡት፤ መኪና አስነዱት። እህትና ወንድም ጎን ለጎን ተቀምጠው ጥቂት አዩና ወንድሟ አጠፋው። «እንኳን እማዬ አላየችው» አለ። ከዚያ ፌንጣው ስልክ ላይ ወጣ፤ ጥቂት በዘለለ ቁጥር አንድ የሳሙና ማስታወቂያ ያሳያል። ከዚያ ደግሞ ጭራሹን ጠፋ። ፌንጢት አውቶቡስ ነጂ አገባች፣ ወለደች፣ ካውያ ያዘች። ወንድሟ የመስታወት ቤቱን ከአሠሪው ተረከበ፤ አላገባም። እሑድ እሑድ እሷ ቤት ይመጣል፤ ሦስተኛውን ክፍል ይከፍታሉ። ካሜራ የሚያዞር ስለሌለ ካሜራው መዞር የማያስፈልግባቸውን ቦታዎች ብቻ ይጫወቱና ያቆማሉ።

ባሏ ያሾፍባቸዋል። «እኔ ያን ሁሉ ሰው ጭኜ መሪውን ብቻዬን ነው የምይዘው፤ እናንተ አንድ ፌንጣ ለሁለት አቃታችሁ።»

«ያንተ አውቶቡስ አይዘልማ» ይለዋል ወንድሟ።

አንድ ቀን ባለጌም ቤቱ መስታወት ቤት መጣ። ጌም ቤቱ ከተዘጋ ቆይቷል፤ አሁን የስልክ ሽፋንና ቻርጀር ይሸጣል፤ ሆዱም ጎድሏል። ወሬ ይዞ ነው የመጣው። የመጀመሪያውን ክፍል የሠሩት ሰዎች፣ አርጅተው፣ ፌንጣውን መልሰው እጃቸው አስገብተዋል። አንድ የመጨረሻ ክፍል ሊሠሩ ነው፤ ጠፍጣፋ፣ እንደ ድሮው፤ ከዚያ በኋላ ሌላ የለም። «በሩም ይከፈታል ብለዋል» አለ ባለጌም ቤቱ። ወንድሟ ይዞት የነበረውን መስታወት ቀስ ብሎ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ። በዚያው እሑድ እህቱን «ፌንጢት፣ ይኸን በር ሳላይማ አልሄድም» አላት። እየሳቀ ነው ያለው።

ይወጣል የተባለው ተራዘመ፤ ደግሞ ተራዘመ። ጌሙ ሳይወጣ ወንድሟ መስታወት እየቆረጠ ሳለ ወደቀ። ስትሮክ ነው አሉ። ነፍሱ ተረፈች፣ አንደበቱም ቀስ በቀስ ተመለሰ፤ ግራ እጁ ግን አልተመለሰም። ፌንጢት ቤቷ አምጥታ ሳሎኑ ውስጥ፣ ከቴሌቪዥኑ ፊት፣ ፍራሽ ዘረጋችለት። ሐኪሙ ሌላ ሊደግመው እንደሚችል ለእሷ ለብቻዋ ነግሯታል። ከዚያ ወዲህ ሸሚዝ ስትተኩስ የደወለ ስልክ ሁሉ ከቤት ይመስላታል።

ጌሙ ያኔ ወጣ። ባለጌም ቤቱ ማጫወቻውን ከዘመዱ ተውሶ፣ በፌስታል አንጠልጥሎ ራሱ አመጣላቸው። በሩ ላይ ቆሞ በሽተኛውን ሲያየው ያዘጋጀው ቀልድ ከአፉ ጠፋ። ፌስታሉን አቀበለና «በሉ ግማሾቹ» አለ፤ «ይኸንንማ እናንተ ናችሁ የምትጨርሱት።»

ጆይስቲኩን መሀላቸው አስቀመጡ። ወንድሟ እንደ ልማዱ የግራውን ጎን አየ፤ ከዚያ እጁን አየ። እጁ ጭኑ ላይ እንደተቀመጠ ጓንት ዝም ብሏል።

«ቦታ እንለዋወጥ» አለ። «በቀኝ በኩል ዙሪና ተቀመጪ። አይ፣ በግራዬ። እኔ ልዝለል።»

እስከዚህ ዕድሜዋ የግራ አውራ ጣቷ ሥራ አያውቅም ነበር። ካውያም በቀኝ ነው፤ መዝለልም በቀኝ ነው። ፌንጣውን ሂድ ስትለው ከመነሻው ጣሪያ ወደ ኋላ ሄዶ ወደቀ። ወንድሟ ሳቀ፤ ፊቱ በአንድ ጎን ብቻ ሳቀ። ቀስ ብሎ ያስተምራት ጀመር። «አትግፊው። አስታውሺው በቃ፤ ቤቱ የት እንደሆነ እሱ ያውቃል።» ግራ ጣቷ ከቀን ወደ ቀን ተገራ። መዝለሉ ግን አልሆነም። እሷ ጠርዝ ላይ ስትደርስ «አሁን» ትለዋለች፤ እሱ ሲጫን ዘግይቷል።

«አፍሽ ከጣትሽ ይዘገያል» አላት። «አንቺ እንዴት ነበር የምታውቂው? እኔ ምንም አልልሽም ነበር'ኮ።»

እንግዲህ ነገረችው።

«ስትተነፍስ።»

«መቼ ነው የተነፈስኩት?»

«ሁልጊዜ። ጠርዝ ላይ ስትደርስ ሳብ ታደርጋለህ። መስታወት ልትቆርጥም ስትል ታደርገዋለህ።»

«ዓይኔን ግንባር ያድርገው፣ እኔ እኮ የልቤን የምታውቂ ነበር የሚመስለኝ» አለ ወንድሟ። ከዚያ ፊቱን ወደ ቴሌቪዥኑ አዞረ። «በይ አሁን አንቺ ተንፍሺልኝ።»

ሞከረች። እየሳቁ፣ እየወደቁ፣ ሄዱ። ከሥራ ስትመለስ ልብሷን ሳትቀይር አጠገቡ ትቀመጣለች፤ ባሏ ልጆቹን ይመግባል። የድሮዎቹ ጣሪያዎች አንድ በአንድ ተመለሱ፤ አንደኛው ክፍል ላይ በዝናቡ ቅዳሜ የዘለሉበት፣ ሁለተኛው ላይ ሁለቴ የሚዘለልበት። አንድ ቦታ የሦስተኛው ክፍል ደመናም አለ። እሱ ጋ ሲደርሱ ሁለቱም ሳይነጋገሩ ፌንጣውን አቆሙትና ደመናውን አዩ።

ሁለተኛው ስትሮክ የመታው ሊጨርሱ ጥቂት ሲቀራቸው ነው። ከሐኪም ቤት ሲመለስ ቀኝ እጁም ግራውን ተከትሎ ሄዷል፤ ዓይኑንም አብዛኛውን ጊዜ ጨፍኖ ነው የሚውለው። ፌንጢት ጆይስቲኩን ፌስታሉ ውስጥ መልሳ ልትቋጥረው ስትል ፌስታሉ ሲንኮሻኮሽ ሰማ።

«ምን ልታደርጊ ነው?»

«ይቆይልን ብዬ ነው። ይሻልሃል'ኮ።»

«አይቆይም» አለ፤ ቃሉ እየተጎተተ። «ተራ ትፈልጊ አልነበር? ይኸው፣ ተራሽ ደረሰ።»

ፊቷን እንዳያይ ዞር አለች፤ ዓይኑን ጨፍኖ እንደሆነ ትዝ ያላት ቆይቶ ነው። ተቀመጠች፤ ጆይስቲኩን በሁለት እጇ ያዘች። ለመጀመሪያ ጊዜ ነው። ከባድ ሆነባት፤ ሙሉውን ይዛው አታውቅማ። ግራዋ እሱ እንዳስተማራት ሄደ፤ ቀኟ ደግሞ ፍራሹ ላይ ያለውን ትንፋሽ አዳመጠ። ትንፋሹ ግን እንደ ድሮው አይደለም። ይጣደፋል፣ ይቆማል፣ ያለቦታው ይሳባል። አውራ ጣቷ ሊያምነው እየፈለገ ተሳሳተ። የመጨረሻው ጣሪያ ላይ፣ ሰማያዊዋ በር ማዶ እየታየች፣ ፌንጣው ወደቀ። ደግሞ ወደቀ። ሲወድቅ አንዲት ጠብታ ውሃ ጣሳ ላይ እንደምትወርድ ያለ ድምፅ አለው።

«ደረስን?» አለ ወንድሟ።

ፌንጢት ስክሪኑን አየች። ፌንጣው እንደገና ከጣሪያው ጫፍ ቆሞ አንቴናውን ያወዛውዛል።

«ደረስን» አለች።

«ተከፈተ?»

«ተከፈተ ጋሼ።»

«ምን አለ?»

ነገረችው። ጠባብ ክፍል ናት፤ አንድ አልጋ አለ። የልጅነታቸው፣ ጎኑ በጥፊ ካልተመታ የማይሠራው ቴሌቪዥን አለ። መወልወያ ጨርቅ ጥግ ላይ ተዘርግቷል። እማዬ አልጋው ላይ እግሯን ዘርግታ ተቀምጣለች፤ ፌንጣው ሲገባ «እግርህን ጠርገህ ግባ» አለችው። መሀል ላይ ለሁለት ልጅ የሚበቃ ቦታ ባዶ ነው።

ወንድሟ እስክትጨርስ ጠበቃት።

«ሲወድቅ ይሰማል'ኮ» አለ። «ጆሮዬ አልታመመም።»

ፌንጢት አንገቷን ደፋች።

«ደመናውስ?» አለ። «በመስኮቱ ይታያል? በሞቴ ቀጥዪ።»

ቀጠለችለት። ልጆቹ ከትምህርት ቤት እስኪመለሱ ነገረችው።

በዚያው ሳምንት፣ ፀሐይ ሳሎኑን ሞልታው ሳለ፣ እሷ ሥራ ላይ እያለች አረፈ። ስልኩ ሲደወል ካውያውን ሸሚዙ ላይ እንደተጋደመ ትታ ወጣች። የተቃጠለው ሸሚዝ ባለቤት ሲሰማ ካሳ አልጠየቀም ይባላል።

ለቀስተኛው ተመለሰ፤ ባሏም ወደ አውቶቡሱ ሄደ። ፍራሹ ተጠቅልሎ ግድግዳውን ተደግፏል። ባለጌም ቤቱ ማጫወቻውን ለዘመዱ መመለስ ቢኖርበትም መጥቶ አልጠየቀም። አንድ እሑድ ረፋድ ላይ፣ ልጆቹ ውጭ ሲጫወቱ፣ ፌንጢት ቴሌቪዥኑን ከፈተች። ፌንጣው ካቆሙበት አለ። በፍራሹ ቦታ በስተግራ ተቀመጠች፤ በቀኟ አንድ ሰው የሚበቃ ቦታ ትታ። ግራ ጣቷ ፌንጣውን እስከ ጠርዙ ወሰደው። እዚያ ቆመ። ቀኝ ጣቷ ጠበቀ። ቤቱ ጸጥ ያለ ነው፤ የሚተነፍስ የለም። ፌንጣው ሲሰለቸው ቁጢጥ አለና ወዲያ ወዲህ ያይ ጀመር። እሷም ያን ያህል ቆየች።

በመጨረሻ እሱ እንደሚያደርገው በአፍንጫዋ ሳብ አደረገች። ጣቷ ተጫነ።

ፌንጣው በሩ ፊት አረፈ። አንቴናውን አወዛወዘ፤ ያ የድሮው ሙዚቃ ተሰማ፤ ስክሪኑ ግን አልጠቆረም። ሰማያዊዋ በር ቀስ ብላ ተከፈተች። ውስጥ አንድ ክፍል አለ። ንጹሕ አልጋ፣ ጠረጴዛ፣ አንድ መስኮት። ማንም የለም። ፌንጣው አልጋው ላይ ወጣ፣ እግሩን አጣጠፈ፣ ተኛ፤ መብራቱም ጠፋ።

ፌንጢት ጆይስቲኩን እንደያዘች ወደ ቀኟ ዞር አለች።

«ጋሼ» አለች፤ «የነገርኩህ ይሻል ነበር።»